ጣሪያ ያለው ውል፦ ቆጣሪው በማን እጅ ነው?

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ይላሉ አበው። እኔም ዛሬ ውድ አንባቢያንን ይዤ ወደ ኋላ ረዘም ያለ ጉዞ ልሄድ ነው። የማነሳው ጉዳይ ለአንዳንዶች ደረቅ ሊመስል ይችላል፤ ትላልቅ ኩባንያዎች በሚጠቀሙበት የንግድ ሶፍትዌር ውስጥ ስለሚመዘገብ አንድ ዓይነት የሽያጭ ውል ነው። ይሁን እንጂ በአሜሪካም፣ በአውሮፓም፣ በዓረብ አገራትም ከእኛ ወገን ስንቱ ነው በሂሳብ ክፍል፣ በመጋዘን፣ በትዕዛዝ መቀበያ ተቀምጦ ከዚህ ውል ጋር ሲታገል የሚውለው? እኔ ከእነዚያ አንዱ ነኝ። በዚህ ውል ምክንያት እንጀራዬን ላጣ ደርሼ ስለነበር ታሪኩን ከሥሩ ለማወቅ ተገደድኩ። ያወቅሁትን ላካፍላችሁ። (ካልተገለጸ በቀር ዓመተ ምሕረቶቹ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

በመጀመሪያ ስለምን እንደምናወራ እንግባባ። አንድ ደንበኛ ከሻጭ ጋር የዓመት ውል ሲገባ ሁለት መንገድ አለው። አንደኛው በብዛት መዋዋል ነው፤ «በዚህ ዓመት አንድ ሺህ ፓምፕ እገዛለሁ» ይላል። ሁለተኛው በገንዘብ ልክ መዋዋል ነው፤ «በዚህ ዓመት እስከ 500,000 ዶላር የሚያወጣ ዕቃና አገልግሎት እወስዳለሁ፤ የትኛውን ዕቃ መቼ እንደምወስድ በየጊዜው እነግራችኋለሁ» ይላል። ጉዳያችን ይህ ሁለተኛው ነው። ደንበኛው ባዘዘ ቁጥር ከጣሪያው ላይ ይቀነሳል። የ120,000 ዶላር ትዕዛዝ ቢሰጥ 380,000 ይቀረዋል። ከዚያ ትዕዛዝ ውስጥ የ20,000ው ቢሰረዝ ቀሪው ወደ 400,000 ይመለሳል። ለመናገር ቀላል ነው። ትዕዛዙ ከአሥር ቅርንጫፎች ሲመጣ፣ ግማሹ ተልኮ ግማሹ ሳይላክ ሲቀር፣ አንዱ በዶላር ሌላው በዩሮ ሲያዝ ግን ያቺን አንዲት ቀሪ ቁጥር አስተካክሎ መያዝ ራሱን የቻለ ሥራ ይሆናል።

እኔ ይህን ዓይነት ውል መጀመሪያ ያየሁት ፈረንጅ አገር አልነበረም። እኛ ሰፈር ባለሱቁን ጋሼ እያልን ነበር የምንጠራቸው። የአባቴ ደመወዝ እስኪደርስ ድረስ ዘይቱም፣ ስኳሩም፣ ሳሙናውም በዱቤ ነበር የሚመጣው። ጋሼ በትልቁ ደብተራቸው የእኛን ገጽ ይገልጡና ይጽፋሉ፤ እናቴ ደግሞ ትንሽ ደብተር አስይዛ ትልከኝ ስለነበር በእርሷም ላይ በራሳቸው እጅ ያንኑ ይጽፋሉ። እናቴና ጋሼ በቃል የተስማሙበት የወር ጣሪያ ነበር። ጣሪያው ሲቃረብ ጋሼ ዕቃውን ሳይሰጡኝ በፊት «ለእናትህ ንገራት» ይሉኛል። አንድ ወር ሁለቱ ደብተሮች በ14 ብር ተለያዩ። ጋሼ ትንሿን ደብተር አገላብጠው አዩ፤ ጽሑፉ የገዛ እጃቸው ነው። ምንም ሳይናገሩ ትልቁን ደብተር አስተካከሉ። ያኔ ልጅ ነበርኩና ነገሩ ምንም አልመሰለኝም። በሠለጠነው ዓለም ቢሮ ተቀምጬ የሁለተኛዋን ደብተር ዋጋ እስከማውቅ ድረስ ብዙ ዓመት ፈጀብኝ።

ይህቺ የሁለት ደብተር ነገር የእኛ ሰፈር ብቻ ጥበብ አልነበረችም። በመካከለኛው ዘመን እንግሊዝ የንጉሡ ግምጃ ቤት ሂሳብ የሚያዘው በእንጨት ነበር። በ12ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የግምጃ ቤቱ ሹም ሪቻርድ ፊትዝኒል ስለ አሠራሩ ጽፎ እንዳቆየው፣ በእንጨቱ ላይ ለአንድ ሺህ ፓውንድ የመዳፍ ስፋት ያህል፣ ለመቶ ፓውንድ የአውራ ጣት ስፋት ያህል፣ ለሃያ ፓውንድ የትንሿ ጣት ስፋት ያህል፣ ለአንድ ፓውንድ ደግሞ የገብስ ፍሬ ያህል ይቆረጣል። ከዚያ እንጨቱ ቁርጦቹን እንደያዘ በቁመቱ ለሁለት ይሰነጠቃል። ረዘም ያለው ክፍል፣ ስቶክ የሚባለው፣ ለከፋዩ ይሰጣል፤ ፎይል የሚባለው አጭሩ በግምጃ ቤቱ ይቀራል። የሂሳብ ቀን ሲደርስ ሁለቱ ይገጠማሉ። አንዱ ወገን በድብቅ አንድ ቁርጥ ቢጨምር በሌላው ላይ ስለማይገኝ ወዲያው ይታወቃል። ዛሬ በእንግሊዝኛ የአክሲዮን ባለቤት የሚጠራበት ስም የመጣው ከዚያች የእንጨት ግማሽ ነው። አሠራሩ እስከ 1826 ዘለቀ። የተከማቸው እንጨት በጥቅምት 16 ቀን 1834 በፓርላማው ምድር ቤት ምድጃ ሲቃጠል እሳቱ ከቁጥጥር ወጥቶ የዌስትሚኒስተርን ቤተ መንግሥት በላ። ሕንጻው ከነደደ በኋላ የተረፈው ትምህርት ግን አይቃጠልም፤ ሂሳቡን ሁለቱም ወገን በእጁ ይዞት ነበር።

አሁን ወደ አንድ ታዋቂ ሰው ልሻገር። ጄምስ ዋት በእንፋሎት ሞተሩ ስሙ ይነሳል፤ ስለ ውሉ የሚያወራ ግን ጥቂት ነው። ዋት በ1769 የፈጠራ መብት አገኘ፤ በ1775 ፓርላማው መብቱን እስከ 1800 አራዘመለት። ከበርሚንግሃሙ ነጋዴ ከማቲው ቦልተን ጋር ሆኖ በኮርንዎል ላሉ የቆርቆሮና የመዳብ ማዕድን ባለቤቶች ሞተሩን ሲያቀርብ ክፍያውን ያሰሩት በሚገኘው ጥቅም ልክ ነበር፦ አዲሱ ሞተር ከአሮጌው የኒውኮመን ሞተር ጋር ሲነጻጸር ከሚያድነው የድንጋይ ከሰል ዋጋ አንድ ሦስተኛው ለእነዋት ይከፈላል። ኮርንዎል ከሰል በባሕር ተጭኖ የሚመጣበት አገር ስለሆነ ቁጠባው ቀላል አልነበረም። እዚህ ላይ ልብ በሉ፤ የእነዋት ውል እንደኛው ጣሪያ የተበጀለት ውል አይደለም። የሁለቱም ጣጣ ግን አንድ ነው፤ በገንዘብ ልክ የሚታሰር ውል ሁሉ የሚታመን ቆጣሪ ይፈልጋል።

ታዲያ እነዋት ምን አደረጉ? ሞተሩ ስንት ጊዜ እንደተንቀሳቀሰ የሚመዘግብ ቆጣሪ በሞተሩ ላይ ተከሉ፤ ማንም እንዳይነካካው በሳጥን ውስጥ ቆለፉበት። ቆጣሪው በትክክል ቆጠረ። ጠቡ ግን አልቀረም። የማዕድን ባለቤቶቹ ከዓመት ዓመት «ይህን ሁሉ የምንከፍለው ለምንድን ነው?» ማለት ጀመሩ። ብዙዎቹ ውሎች ወደ ቁርጥ ክፍያ ተለወጡ፤ አንዳንዱ ባለማዕድን ክፍያውን ያዘ፤ ነገሩም ፍርድ ቤት ደርሶ በ1799 ለእነዋት ተፈረደ። የተቆለፈው ሳጥን ቁጥሩን ጠበቀ እንጂ መተማመኑን አልጠበቀም። ለምን ቢባል፣ የእንጨቱ ሁለት ግማሽ በተቆለፈ ሳጥን ተተክቶ ስለነበር ነው እላለሁ።

ከዚህ በኋላ ዘመኑ የካርድ ሆነ፤ ሂሳቡ በተበሱ ካርዶች ላይ እየተጻፈ ሌሊት ሌሊት በማሽን ይፈጫል። ነጋዴው የደንበኛውን ቀሪ ሂሳብ የሚያውቀው በማግስቱ ወይም በሳምንቱ ነበር። ይህን የለወጡት ሰዎች ታሪክ የሚጀምረው በጀርመን ነው። በ1972 ከአይ.ቢ.ኤም. የማንሃይም ቢሮ የወጡ አምስት ሰዎች፣ ዲትማር ሆፕ፣ ሃሶ ፕላትነር፣ ክላውስ ቺራ፣ ሃንስ ቬርነር ሄክቶርና ክላውስ ቬለንሮይተር፣ ቫይንሃይም በምትባል ከተማ የራሳቸውን ድርጅት አቋቋሙ። ዛሬ ኤስ.ኤ.ፒ. የምንለው እርሱ ነው። የመጀመሪያ ደንበኛቸው የብሪታንያው የኬሚካል ኩባንያ አይ.ሲ.አይ. በኦስትሪንገን ያለው የጀርመን ቅርንጫፉ ነበር። ወጣቶቹ የራሳቸው ኮምፒውተር ስላልነበራቸው የሚሠሩት በደንበኛው ኮምፒውተር ላይ ነው። ሐሳባቸው ሁለት ነበር፦ አንደኛ፣ ለእያንዳንዱ ኩባንያ ከአዲስ ከመጻፍ ለሁሉም የሚሆን አንድ ፕሮግራም ማዘጋጀት፤ ሁለተኛ፣ ሂሳቡ ሌሊት እስኪፈጭ ሳይጠበቅ ጸሐፊዋ በስክሪን ላይ ስትጽፍ እዚያው ወዲያው እንዲለወጥ ማድረግ። ይህ ሁለተኛው ሐሳብ ለገንዘብ ልክ ውል ነፍሱ ነው። ቀሪው የሚታወቀው በሳምንቱ ከሆነ ጣሪያው ጣሪያ አይደለማ!

ድርጅቱ የመጀመሪያውን የሂሳብ ፕሮግራም በ1973 አወጣ፤ በ1979 ለትላልቅ ኮምፒውተሮች የሚሆነውን አር 2ን፣ በ1992 ደግሞ ዓለምን ያዳረሰውን አር 3ን አመጣ። በ2015 ኤስ 4 ሃና ተተካ። ስሙ ይቀያየር እንጂ ውስጡን ለከፈተው ሰው የጀርመኖቹ አሻራ እስከ ዛሬ አለ። የገንዘብ ልክ ውል በስክሪኑ ላይ ደብሊው.ኬ. በሚሉ ሁለት ፊደላት የሚጠራው «ቬርትኮንትራክት» ከሚለው የጀርመን ቃል ነው። ጣሪያው የሚጻፍበት ቦታ «ጺልቬርት» ከሚል ቃል ያጠረ ስም አለው፤ የዒላማ ዋጋ እንደማለት ነው። ከውሉ ላይ የሚቀነሰው ትዕዛዝ ደግሞ «አብሩፍ» ይባላል፤ ጥሪ ማለት ነው። ውሉ ተኝቶ ይቆያል፤ ደንበኛው ሲጠራው ይነሳል። ይህ አጠራር ደስ ይለኛል።

እስቲ አሠራሩን በአጭሩ ልግለጸው። ውሉ ሲመዘገብ ጣሪያው፣ የሚጀምርበትና የሚያበቃበት ቀን፣ ልዩ የዋጋ ስምምነት ካለም እርሱ ይጻፋል። ከየትኞቹ ዕቃዎች መጥራት እንደሚቻል በዝርዝር ወይም በዕቃ ቤተሰብ ይወሰናል። ከደንበኛው ቅርንጫፎች የትኛው መጥራት እንደተፈቀደለትም ይወሰናል። ጥሪ በመጣ ቁጥር ሶፍትዌሩ ገና ያልተላከውን፣ የተላከውንና ደረሰኝ የተቆረጠለትን ደምሮ ከጣሪያው ጋር ያስተያያል፤ ገንዘቡ የተለየ ከሆነም ወደ ውሉ ገንዘብ ይመነዝራል። ጣሪያው ሲታለፍ ምን ይሁን? እዚህ ላይ ሶፍትዌሩ ራሱ አይወስንም፤ ሰውን ይጠይቃል። ምርጫው ሦስት ነው፦ ዝም ብሎ ማሳለፍ፣ አስጠንቅቆ ማሳለፍ ወይም መከልከል። ይህን ምርጫ የሚሞላው ሥርዓቱን የሚተክለው ባለሙያ ነው፤ አንድ ጊዜ ሞልቶ ይሄዳል።

የእኔም ጣጣ የመጣው ከዚህችው ምርጫ ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ የአሜሪካ ከተማ የማሽን መለዋወጫ በሚሸጥ ድርጅት ትዕዛዝ ተቀባይ ነበርኩ። አንድ ደንበኛ የ400,000 ዶላር ውል ነበረው። በኛ ቤት ምርጫው «አስጠንቅቆ ማሳለፍ» ነበርና ጣሪያው ሲታለፍ ቢጫ መልእክት ትወጣለች፤ አንድ ቁልፍ ስትጫኑ ታልፋላችሁ። ችግሩ ቢጫ መልእክት ለሁሉ ነገር ትወጣ ነበር፤ ለአድራሻው፣ ለቀኑ፣ ለክብደቱ። በቀን ሠላሳ ጊዜ የምታስጠነቅቅ ደወል ማን ይሰማታል? ሻጮቹም «ደንበኛው ታማኝ ነው፣ ዕቃው ይውጣለት» ይላሉ። እናም ዕቃው ወጣ። ደረሰኙ ተደምሮ 461,000 ሲደርስ ደንበኛው አልከፍልም አለ። «ቦርዳችን የፈቀደው 400,000 ነው። ከዚያ በላይ ውል የለንም» የሚል ደብዳቤ መጣ።

አለቃዬ ወረቀት አትሞ ጠራኝ። ሶፍትዌሩ ማን፣ በስንት ሰዓት፣ ምን እንደመዘገበ ሁሉን ይጽፋል። ጣሪያው ከታለፈ በኋላ የገቡት ትዕዛዞች አራት ናቸው፤ ሦስቱ ላይ ያለው የእኔ ስም ነው።

«ማስጠንቀቂያውን አይተኸዋል?» አለኝ።

«አይቼዋለሁ» አልኩት።

«ታዲያ ለምን አለፍከው?»

«ሁላችንም ስለምናልፈው ነው።»

መልሱ እውነት ነበር፤ ግን መልስ አልነበረም። ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። የቤት ኪራይ አለ፣ አገር ቤት የሚጠብቁ አሉ። በመጨረሻ ድርጅቱና ደንበኛው ትርፉን ለሁለት ተካፈሉት፤ እኔም በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ታለፍኩ። እኔን ያብሰለሰለኝ ሌላ ነገር ነው። «ለመሆኑ ይህ ነገር እንዲያስጠነቅቅ እንጂ እንዳይከለክል የወሰነው ማን ነው?» ብዬ ብጠይቅ የሚያስታውስ ሰው ጠፋ። ሥርዓቱ ሲተከል የነበረ ሰው ወስኖ ሄዷል። ሁላችንም ለዓመታት የኖርነው በአንድ ባልታወቀ ሰው ውሳኔ ሥር ነበር፤ ሲጠየቅ ግን የተገኘው የእኔ ስም ነው።

«ታዲያ መከልከል ነዋ!» የሚል አንባቢ አይጠፋም። እኔም እንደዚያ ብዬ ነበር። ነገር ግን ማሽኑ የቆመበት ሆስፒታል በሌሊት አንድ መለዋወጫ ፈልጎ ቢጠራ፣ ጣሪያው በ200 ዶላር ታልፏል ተብሎ ሊከለከል ነው? መከልከልም የራሱ ጉዳት አለው። በማስጠንቀቅና በመከልከል መካከል የቱም ይመረጥ፣ ሁለቱም የሚናገሩት ለሻጩ ሠራተኛ ብቻ ነው። ደንበኛው ቢጫዋንም ቀይዋንም አያይም። የእነዋት የተቆለፈ ሳጥን ማለት ይህ ነው።

ነገሩ ከአገራችንም የራቀ አይደለም። በብዛት በተዋዋሉበትና ዋጋው በታሰረበት ውል ላይ ዕቃ ሲወደድ የሚጎዳው ሻጩ ነው፤ አንድ ሺህ ፓምፕ አንድ ሺህ ፓምፕ ነውና። በገንዘብ ልክ በተዋዋሉበት፣ የእያንዳንዱ ዕቃ ዋጋ ካልታሰረ ግን የሚጎዳው ገዢው ነው፤ ጣሪያው ሳይነካ በውስጡ ያለው ዕቃ ያንሳል። በሐምሌ ወር 2024 የኢትዮጵያ ብር በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ አንድ ዶላር ከ57 ብር አካባቢ ተነስቶ በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ወጣ። ከዚያ በፊት በብር ጣሪያ ከውጭ የሚመጣ ዕቃ የተዋዋለ ሰው ሶፍትዌሩ ላይ ቁጥሩን ሙሉ ሆኖ ያገኘዋል፤ ዕቃው ግን ግማሽ ሆኗል። ሶፍትዌሩ አልዋሸም። ገንዘብን ቁጠር ተባለ፣ ገንዘብን ቆጠረ።

ሌላም ስህተት አለ። ሻጮች «የ500,000 ውል ፈረምኩ» ብለው ሲፎክሩ ገንዘቡ የገባ ያህል የሚቆጥሩ አሉ። በ2014 ወጥቶ ከጥር 2018 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው ዓለም አቀፍ የሂሳብ መመዘኛ፣ አይ.ኤፍ.አር.ኤስ. 15፣ ይህን በር ዘግቷል። ገቢ የሚባለው ዕቃው ወይም አገልግሎቱ በደንበኛው እጅ ሲገባ ነው። ጣሪያው ደንበኛው ሊጠራው የሚችለውን እንጂ የጠራውን አይናገርም። ኢትዮጵያም በአዋጅ ቁጥር 847/2014 ድርጅቶች በዓለም አቀፍ መመዘኛ ሂሳባቸውን እንዲያቀርቡ ደንግጋለች፤ ስለዚህ አገር ቤት በሂሳብ ሥራ ያላችሁ ወገኖችም ነገሩ ይመለከታችኋል።

ሕጋችንም ከጥንት ያስተማረን አለ። በ1952 ዓ.ም. በኢትዮጵያ አቆጣጠር የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1731 በሚገባ የተቋቋመ ውል በተዋዋዮቹ መካከል እንደ ሕግ ሆኖ ያስራቸዋል ይላል። በተዋዋዮቹ መካከል! አንዱ ብቻ የሚያነበው ሕግ ምን ዓይነት ሕግ ነው? ውሉ የሁለት ሰዎች ከሆነ ቀሪውም የሁለት ሰዎች መሆን አለበት።

እኔ ከዚያ ጉድ በኋላ አንድ ነገር ጀመርኩ፤ ማንም አላዘዘኝም። ወር በገባ የመጀመሪያው ሰኞ፣ ጣሪያ ያላቸውን ውሎች በሙሉ አወጣና ለየደንበኛው አጭር ደብዳቤ እልካለሁ፦ ጣሪያችሁ ይህ ነው፣ የጠራችሁት ይህ ነው፣ የቀራችሁ ይህ ነው፣ ካልተስማማችሁ በዚህ ሳምንት ንገሩን። መጀመሪያ የሥራ ባልደረቦቼ ሳቁብኝ፤ «ኮምፒውተር እያለ ደብዳቤ ምን ያደርጋል?» አሉ። በሦስተኛው ወር አንድ ደንበኛ «የሰረዝነው ትዕዛዝ አልተመለሰልንም» ብሎ ጻፈ። ብናየው እውነቱን ነው፤ ትዕዛዙ በስልክ ተሰርዞ ማንም አልመዘገበውም ነበር። ያኔ ጋሼና 14ቷ ብር ትዝ አሉኝ። ዛሬ ያ ደብዳቤ የክፍሉ ቋሚ ሥራ ሆኗል።

ስለዚህ በዚህ ሥራ ላይ ላላችሁ ወንድሞችና እህቶች የምለው ይህ ነው። ውሉን ስትመዘግቡ ሦስት ጥያቄ ጠይቁ። ጣሪያው ሲደርስ ምን እንዲሆን ተሞልቷል፣ ማንስ ሞላው? ዋጋው ታስሯል ወይስ ልቅ ነው? ደንበኛው ቀሪውን በምን ያውቃል? መልሱን በጽሑፍ ያዙ፤ ወረቀት ታትሞ ስትጠሩ ያድናችኋል። ለሦስተኛው ጥያቄ «አያውቅም» የሚል መልስ ካገኛችሁ ግን የእንጨቱ ግማሽ ጠፍቷል ማለት ነው፤ ሳትውሉ ሳታድሩ ስጡት። በሰፈሩበት ቁና መሰፈር አይቀርምና፣ ነገ እኛም ገዢ ሆነን በሌላው ቆጣሪ ሥር እንገባለን።

እናቴ ያቺን ትንሽ ደብተር እስከ መጨረሻው አልጣለቻትም ነበር። ዱቤው ካበቃ ከብዙ ዓመት በኋላ ለምን እንዳስቀመጠቻት ብጠይቃት «የሰው እጅ ጽሑፍ አለበት እኮ፣ እንዴት ይጣላል?» አለችኝ።

ቸር ይግጠመን።